ዞሮ ዞሮ ከክፍል፦ ሁለቱ የሚሽከረከሩ ወህኒ ቤቶች ሲመዘኑ

ጊዜያችሁ ለአንድ ብቻ የሚበቃ ከሆነ ኢንዲያና ግዛት ወዳለው ክሮፎርድስቪል ሂዱ። ሁለቱንም ማየት የሚችል ሰው ግን በአይዋው ካውንስል ብላፍስ ይጀምር። ሁለቱም ዛሬ ሙዚየም ናቸው፤ ሁለቱም በ1880ዎቹ የተሠሩ የአሜሪካ የካውንቲ (ከግዛት በታች ያለ አስተዳደር) ወህኒ ቤቶች ነበሩ። የእስር ክፍሎቻቸው እንደ ድፎ ዳቦ ቁራሽ ከመሃል ጠበው ወደ ዳር እየሰፉ ይሄዳሉ፤ ሁሉም ደግሞ በአንድ ዘንግ ዙሪያ ይሽከረከራሉ። አዎ፣ ግድግዳው ቆሞ ክፍሎቹ ይዞራሉ። (ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።)

መጀመሪያ አንድ ነገር ይለይ። አሜሪካ ውስጥ የካውንቲ ወህኒ ቤት እና የግዛት ወህኒ ቤት አንድ አይደሉም። የካውንቲው ፍርድ የሚጠባበቁትንና አጭር ቅጣት የተፈረደባቸውን ይይዛል፤ ረጅም ዓመት የተፈረደበት ወደ ግዛቱ ይላካል። በእኛ አነጋገር የፖሊስ ጣቢያ ማረፊያ ቤትና የማረሚያ ቤት መካከል ያለ ነገር ነው። ስለዚህ ሕንፃው ትንሽ ነው፣ ከተማ መሃል ነው፣ ጥበቃውም ጥቂት ሰው ነው። የሚሽከረከረው ወህኒ ቤት የተፈለሰፈው ለዚህ ለጥቂቱ ሰው ነው።

ንድፉ የኢንዲያናፖሊሶቹ የዊልያም ብራውን እና የቤንጃሚን ሆው ነው። ሆው የብረት ማቅለጫ ባለቤት ነበር፤ ይህ ደግሞ ስለ ሕንፃው ብዙ ይነግራል፣ ነገሩ ሁሉ ከግንበኛ ይልቅ የብረት ሠሪ ሐሳብ ነውና። የፈጠራ መብቱ የተሰጣቸው ጁላይ 12 ቀን 1881 ሲሆን ቁጥሩ 244,358 ነው። ዓላማቸውን በሰነዱ ላይ በግልጽ አስቀምጠውታል፦ ጠባቂውና እስረኛው በአካል ሳይገናኙ እስረኛውን መቆጣጠር።

አሠራሩን ለመረዳት ሁለት ነገር ለይታችሁ ተመልከቱ፤ የሚዞረውን እና የማይዞረውን። የሚዞረው የብረት ከበሮ ነው። ውስጡ በብረት ግድግዳ ተከፋፍሏል፤ እያንዳንዱ ክፍል በውጪው በኩል ክፍት ነው፣ የራሱ የሚቆለፍ በር የለውም። የማይዞረው ከበሮውን ዙሪያውን የከበበው የብረት ፍርግርግ ነው። በየፎቁ ይህ ፍርግርግ አንድ መውጫ ብቻ አለው። ጠባቂው አንድን እስረኛ ማስወጣት ሲፈልግ የእጅ ማዞሪያውን ይዞ ያንን ክፍል ከመውጫው ጋር እስኪገጥም ድረስ ያዞራል፤ ከዚያ አንዱን በር ይከፍታል። ሌሎቹ ክፍሎች ሁሉ በዚያ ሰዓት ፊታቸው ፍርግርግ ነው። በሦስት ፎቅ ላይ ሠላሳ ክፍል ሠላሳ ቁልፍ ይፈልግ የነበረው በሦስት በር አለቀ ማለት ነው። በር ደግሞ በማንኛውም እስር ቤት ውስጥ ውዱም፣ ቶሎ የሚበላሸውም፣ ሰው የሚያመልጥበትም ክፍል ነው።

ከሱ በፊት የነበረው ታላቅ ሐሳብ ሌላ ነበር። በ1829 ፊላደልፊያ ላይ የተከፈተው ኢስተርን ስቴት ወህኒ ቤት፣ የጆን ሃቪላንድ ሥራ፣ ከመሃል ወደ ውጪ እንደ ጋሪ ጎማ ራጅ የተዘረጉ ሰባት ረጃጅም ክንፎች ነበሩት፤ ጠባቂው መሃል ላይ ቆሞ ኮሪደሮቹን ያያል፣ ወደ እስረኛው ግን በእግሩ ይሄዳል። ብራውን እና ሆው ነገሩን ገለበጡት፦ ጠባቂው አይንቀሳቀስም፣ እስረኛው ከነክፍሉ ይመጣለታል። ብልጠት ነው፤ ችግሩም ከዚሁ ይጀምራል።

አሁን ካውንስል ብላፍስ። ከተማው አይዋ ግዛት ውስጥ፣ በሚዙሪ ወንዝ በዚህኛው ዳር ነው፤ በዚያኛው ዳር የነብራስካዋ ኦማሃ አለች። ወህኒ ቤቱ ፐርል ጎዳና ላይ፣ መሃል ከተማ ይገኛል። የፖታዋታሚ ካውንቲ በ1885 በ30,000 ዶላር ገደማ አሠራው፤ አርክቴክቶቹ የሚዙሪው ሴንት ጆሴፍ ከተማ ኤከል እና ማን ነበሩ። ከውጪ ሲታይ ተራ የጡብ ሕንፃ ይመስላል፤ የዘመኑ ቅስት መስኮት፣ ጠንካራ መሠረት። ብዙ ሰው ፎቶ አንስቶ የሚያልፈው ይህንኑ ነው፤ የሚገርመው ግን ውስጡ ነው። የፊተኛው ክፍል አራት ፎቅ ያለው ሲሆን የኃላፊው ቢሮ፣ ማብሰያው፣ የሴቶች ማቆያ እና በጥሩ ጠባያቸው ሥራ የሚሰጣቸው እስረኞች ክፍሎች ነበሩበት። ከበሮው ከኋላ ነው።

ከበሮው ሦስት ፎቅ ነው፤ ከተሠሩት ሁሉ ባለ ሦስት ፎቅ እሱ ብቻ ነው። በየፎቁ አሥር ክፍል፣ በድምሩ ሠላሳ። ባዶውን ሲመዘን 45 የአሜሪካ ቶን ነው፤ በእኛ ወደ 41,000 ኪሎ ግራም። አሥር ክፍል ስላለው ክፍል ለመቀየር 36 ዲግሪ መዞር አለበት፤ የሚፈለገው ሰው በተቃራኒው በኩል ካለ ግማሽ ዙር። ሦስቱ ፎቆች ደግሞ የተሰፉት አንድ ላይ ነው። ምድር ቤት ያለ አንድ ሰው ፍርድ ቤት ይቅረብ ከተባለ ሦስተኛ ፎቅ የተኛውም አብሮ ይዞራል። በማንኛውም ቅጽበት መውጫ ፊት ያሉት ከሠላሳው ሦስት ክፍሎች ብቻ ናቸው። ሃያ ሰባቱ የሚያዩት ፍርግርግ ነው። ይህንን ሒሳብ በአእምሯችሁ ይዛችሁ ግቡ፤ ጉብኝቱ ያለሱ «አቤት ብረት!» ከማለት አያልፍም።

የአካባቢው ሰው «ስኩዊረል ኬጅ» ይለዋል፤ የሽኮኮ ጎጆ ማለት ነው። በዚያ ዘመን ሰው ሽኮኮን በሽቦ ጎጆ ያስቀምጥና በሚሽከረከር ጎማ ውስጥ ስትሮጥ እያየ ይዝናና ነበር። ስሙ ከዚያ ነው። ቀልዱ የመረረ ቢሆንም ትክክል ነው።

እዚያ ስትደርሱ መጀመሪያ ማየት ያለባችሁ ከላይ ያለውን ሳይሆን ክፍተቱን ነው። በከበሮው ዳር እና በቆመው ፍርግርግ መካከል ያለውን ስስ ክፍተት በእጃችሁ ለኩት። ሰው እጁን ወይም እግሩን በብረቱ መካከል አሾልኮ ተኝቶ እያለ ከበሮው ሲዞር ምን እንደሚሆን ማንም አስጎብኚ መንገር አያስፈልገውም። የተሰበረ እና የተቀጠቀጠ አካል የእነዚህ ወህኒ ቤቶች የዘወትር ቅሬታ ነበር። ብዙ ጎብኚ ግን ይህን የጠባቂ ጭካኔ አድርጎ ይወስደዋል። ጭካኔ ብቻ አይደለም፤ የጥርስ ጉዳይ ነው። አንድ ሰው 41,000 ኪሎን በእጁ እንዲያዞር ከተፈለገ በመካከል ጥርስ ያላቸው ጎማዎች ገብተው የእጁን ጉልበት ማብዛት አለባቸው። ማዞሪያው ብዙ ይዞራል፣ ከበሮው ትንሽ። ይኸው ማብዣ በተቃራኒውም ይሠራል፦ ከበሮው ላይ የገጠመ ተቃውሞ እጀታው ላይ ሲደርስ አንሶ አንሶ ነው። የሰው ክንድ በብረት መካከል ሲያዝ ማዞሪያውን የያዘው ሰው እጁ ላይ ምንም አይሰማው ይሆናል። የሚሰማው ጩኸት ነው። ከአንድ ቦታ ቆሞ ደግሞ የከበሮውን ጀርባ ማየት አይቻልም፤ መካከሉን የብረት ግድግዳ ይጋርደዋል። ንድፉ ጠባቂውን ከእስረኛው ሲያርቅ የጠባቂውን ዓይንም፣ እጅም ወስዷል።

ሁለተኛው የብልሽት ምንጭ መሬቱ ነው። ይህን ማንኛውም ግንበኛ ወዲያው ይረዳዋል። ተራ ሕንፃ ትንሽ ቢሰምጥ ግድግዳው ይሰነጠቃል፤ ይለሰናል፣ ኑሮ ይቀጥላል። ከበሮ ግን ሕንፃ ሳይሆን ማሽን ነው። ዘንጉ ቱምቢ መጠበቅ አለበት፣ የተቀመጠበት ደግሞ ውሃ ልክ። ዘንጉ በትንሹ እንኳ ካዘመመ ክብደቱ ወደ አንድ ወገን ይተኛል፤ ኩሽኔታው በአንድ ጎኑ ይበላል፣ ጥርሶቹም ሙሉ በሙሉ መጣጣማቸውን ትተው በጫፋቸው ይነካካሉ። ባለ ሦስት ፎቅ ሲሆን ደግሞ ይብሳል፤ ታች የማይታይ መዛነፍ ላይኛው ፎቅ ሲደርስ ከበሮውን ከፍርግርጉ ያፋትገዋል። በዚህ ላይ ክብደቱ ቋሚ አይደለም፤ በአንድ ወገን ያሉ ክፍሎች ሰው ሞልተው በሌላው ወገን ባዶ ሲሆኑ ሚዛኑ ይዛባል። የካውንስል ብላፍሱ ከበሮ አልዞር ማለት ልማዱ ነበር።

ይህ ደግሞ ወደ 1960 ያመጣናል። በዚያ ዓመት አንድ እስረኛ በክፍሉ ውስጥ ሞተ። ከበሮው አልዞር አለ። አስከሬኑን ለማውጣት ሁለት ቀን ፈጀ። ከዚያ በኋላ መዞሩ ቀረ። እስረኛ ማስቀመጡ ግን አልቀረም፤ ወህኒ ቤቱ እስከ 1969 አገልግሏል። ከሁለቱ ቁጥሮች መካከል ያሉት ዘጠኝ ዓመታት ቆም ብሎ ማሰብ የሚገባቸው ናቸው። እሳት ቢነሳስ? በየፎቁ አንድ መውጫ ባለው ሕንፃ ውስጥ ማሽኑ ከቆመ ከመውጫው ፊት ያለው ክፍል ይተርፋል፤ የቀረው የሚጠብቀው መጋዝ ነው። እንዲህ ያለ ከበሮ እንዳይዞር ማድረግ ቀላል ነው፣ ከቆመ በኋላ ለየክፍሉ መውጫ መፈለግ ግን ሌላ ሥራ ነው። ንድፉ እየቀረ የሄደው ሰው ስለታዘነለት ብቻ አይደለም፤ ሠላሳ በር አስቀርቶ ያመጣው ቁጠባ ከጥገናውና ከእሳት ስጋቱ ጋር ሲመዘን አላዋጣም።

የካውንስል ብላፍስ ትልቁ ሀብት የብረት ግድግዳዎቹ ናቸው። እስረኞች የጫሩት ስምና ቀን አሁንም ይታያል። የእጅ ባትሪ ያዙ፤ ብርሃኑን ከፊት ለፊት ሳይሆን ከጎን አብሩት፣ ጭረቱ ጥላ ሲያገኝ ነው የሚነበበው። የቁራሹን ጠባብ ጫፍም እዩ። የፍሳሹና የአየሩ ነገር በከበሮው መሃል በኩል ነበር የሚሄደው፤ ለ1880ዎቹ በቤት ውስጥ የፍሳሽ መስመር መኖሩ እንደ ቅንጦት ይታይ ነበር። ቁራሽ ቅርጽ ላይ አልጋ ማስቀመጥ ግን ምን ያህል ቦታ እንደሚያባክን ክፍሉ ውስጥ ሲቆም ይገባል፤ አንድ ሰው መሃሉ ጋ ሲቀርብ ትከሻው ሁለቱንም ግድግዳ ሊነካ ይደርሳል። መስኮቱ ያለው በውጪው ግድግዳ ላይ ስለሆነ ብርሃን ወደ ክፍሉ የሚገባው ፍርግርጉን አልፎ፣ ክፍሉ በዚያች ቀን በቆመበት አቅጣጫ መጠን ነው። ዛሬ ፀሐይ ያየ ነገ ጎረቤቱ ፍርድ ቤት ስለተጠራ ጨለማ ይደርሰዋል።

የሌሊት የመናፍስት ጉብኝት የሚባለውን እንተወው። ለዚህ የሚወጣ ገንዘብ ቀን ገብቶ ጥርሶቹን በጥሞና ለማየት ቢውል ይሻላል።

ሕንፃውን የካውንቲው የታሪክ ማኅበር በ1977 ተረክቦታል። በ1972 ደግሞ በአገሪቱ የታሪካዊ ቦታዎች መዝገብ ላይ ሰፍሯል። ድክመቱ አንድ ነው፣ ትልቅ ነው፦ ከበሮው አይዞርም። የቆመ ማሽን ማየት የቆመ ወፍጮ እንደማየት ነው፤ ምን እንደሚፈጭ በምናብ ነው የሚታየው። ከአምስት ኮከብ አራት።

ክሮፎርድስቪል በመጠን ያንሳል። ከኢንዲያናፖሊስ በስተ ሰሜን ምዕራብ፣ በኢንተርስቴት 74 አውራ ጎዳና ላይ ያለች የሞንትጎመሪ ካውንቲ ከተማ ነች። ወህኒ ቤቱ በ1882 የተጠናቀቀ ሲሆን ከሚሽከረከሩት ሁሉ የመጀመሪያው ነው፤ ብራውን እና ሆው መብቱን ባገኙ በዓመቱ መሆኑ ነው። ሁለት ፎቅ፣ በየፎቁ ስምንት ክፍል፣ በድምሩ አሥራ ስድስት። ስምንት ሲሆን እያንዳንዱ ቁራሽ 45 ዲግሪ ስለሚይዝ ከካውንስል ብላፍሱ ይልቅ ሰፋ ያለ ማዕዘን አለው።

የፊተኛው ክፍል የሸሪፉ፣ ማለትም የካውንቲው የፖሊስ ኃላፊ፣ መኖሪያ ነው፤ ለአርክቴክቸር ሲባል ብቻ እንኳ መታየት አለበት። ሸሪፉ ከነቤተሰቡ እዚሁ ይኖር ነበር። በዚያ ዘመን በብዙ ካውንቲ የሸሪፉ ሚስት ለእስረኞቹ ምግብ ታበስላለች፤ ከቤተሰቡ ሳሎን እስከ ብረቱ ድረስ ያለው ጥቂት እርምጃ ነው። ከሳሎኑ በር ተነስታችሁ ከበሮው ድረስ ስትሄዱ እርምጃችሁን ቁጠሩ። ከፊት የተከበረ ሰው ቤት ይመስላል፤ ጡቡ፣ መስኮቱ፣ የእንጨት ሥራው ሁሉ ጎረቤትን እንዳያስቀይም የተደረገ ነው። ከኋላ የብረት ፋብሪካ ነው። ሁለቱ በአንድ ግድግዳ የተለያዩበት ቦታ የሕንፃው ዋና ሐሳብ የሚታይበት ነው።

እዚህ የመጣችሁበት ግን ማዞሪያው ነው። አስጎብኚው ሲያዞረው ከሦስት ነገር አንዱን ምረጡ፤ ሁሉንም በአንድ ጊዜ ማየት አይቻልም። ጥርሶቹ የሚታዩበት ቦታ ላይ መቆም ከቻላችሁ የእጁ ዙር ከከበሮው ዙር ጋር ሲነጻጸር ምን ያህል እንደሆነ ቁጠሩ። ፍርግርጉ ጋ ከቆማችሁ የክፍሎቹ ጠርዝ ከመውጫው ጠርዝ ጋር ሲገጥም አስተውሉ፤ ልክ መግጠም አለበት፣ ትንሽ ቢያልፍ በሩ ላይ የግማሽ ክፍል ግድግዳ ይመጣል። ወይም ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ስሙ። ከልጆች ጋር ከሆናችሁ እጃቸውን ያዙ፤ ፍርግርጉን መጨበጥ የልጅ ተፈጥሮ ነው።

በ1930ዎቹ እዚህም መዞሩ እንዲቆም ተደረገ፤ ምክንያቱም ያው የሰው አካል ነበር። ካውንቲው ግን ቆሞ በቀረው ከበሮ እስከ 1973 ድረስ እስረኛ ያዘበት። በ1975 ሙዚየም ሆኖ ተከፈተ፤ ከበሮውም ዛሬ ለጎብኚ ይዞራል። በዓለም ላይ አሁንም የሚዞር የዚህ ዓይነት ወህኒ ቤት እሱ ብቻ ነው። አራት ተኩል ኮከብ፤ ግማሿ የተቀነሰችው በመጠን ከካውንስል ብላፍሱ ስለሚያንስ ነው፣ የሠላሳ ክፍሉን ድንጋጤ አይሰጥም።

ሦስተኛው ሚዙሪ ውስጥ ጋላቲን ከተማ ያለው የዴቪስ ካውንቲ ነው፤ 1889፣ ከሸሪፍ መኖሪያ ጋር። ካንሳስ ሲቲ አካባቢ ያለ ሰው መንገዱ ላይ ከሆነ ይየው፤ ከሩቅ ግን ለሱ ብሎ መምጣት አያስፈልግም። ከተሠሩት ውስጥ እስከ ዛሬ የቆሙት እነዚህ ሦስቱ ናቸው።

ለአዲስ አበባ ሰው አንድ የጎን ነገር። የእኛው ዓለም በቃኝም ስምንት ማዕዘን ያለው፣ መሃሉ ግቢ የሆነ፣ ቅርጹ ራሱ ጥበቃ የሚያደርግ ሕንፃ ነበር። ፈርሶ ቦታው ላይ በ2012 የተመረቀው የአፍሪካ ኅብረት ዋና መሥሪያ ቤት ቆሟል። የክሮፎርድስቪልን ማዞሪያ ያየ ሰው ስለ ዓለም በቃኝ ማንበብ ብቻ እንደቀረን ያስታውሳል፤ የብረት ክፍተት በእጅ መለካትና ስለ ክፍተት ማንበብ አንድ አይደለም።

ሁለቱን ለማጣመር መንገዱ ቀላል ነው። ከካውንስል ብላፍስ ኢንተርስቴት 80ን ይዞ ወደ ምሥራቅ፣ ዳቨንፖርት ላይ ኢንተርስቴት 74ን መያዝ፤ እሱ በክሮፎርድስቪል አጠገብ ያልፋል። ጠቅላላው ወደ 900 ኪሎ ሜትር ስለሚጠጋ በመሃል ማደር ይሻላል። በካውንስል ብላፍስ ጀምሩ ያልነው ለዚህ ነው፦ መጀመሪያ ትልቁንና የቆመውን አይታችሁ፣ ቁጥሮቹን ይዛችሁ፣ ጥያቄ ተሸክማችሁ ብትሄዱ የክሮፎርድስቪሉ መዞር መልስ ይሆናል። በተቃራኒው የሄደ ሰው ካውንስል ብላፍስ ሲደርስ «ይሄኛው ለምን አይዞርም?» በሚል ቅሬታ ነው የሚያየው።

የሁለቱም የመክፈቻ ሰዓት እንደየወቅቱ ስለሚለያይ ከመነሳታችሁ በፊት ስልክ ደውሉ። በዚያው ስለ ደረጃዎቹ ጠይቁ፤ ሕንፃዎቹ ለተሽከርካሪ ወንበር ታስበው የተሠሩ አይደሉም፣ የላይኛዎቹን ፎቆች ለማየት ጠባብ ደረጃ መውጣት አለ። ጫማችሁ ሶሉ ጎማ ይሁን። በክረምት ብረቱ ብርዱን ይይዛል፣ ጓንት አይጎዳም። ለክሮፎርድስቪል ደግሞ አንድ ተጨማሪ ጥያቄ ጠይቁ፦ በምትሄዱበት ቀን ማዞሪያው የሚዞረው በስንት ሰዓት ነው?